ቀንጠፋ ይመንጠር ወይስ ይቆይ?

ጥርና የካቲት ላይ የተፋሰስ ሥራ ሲጀመርና ሕዝቡ ወደ ተራቆተው ተዳፋት ሲወጣ ገጀራ ቀድሞ የሚያርፈው ቀንጠፋ ላይ ነው። ለእርከኑ መስመር ይመነጠራል፣ ለችግኙ ጉድጓድ ይመነጠራል፣ ቦታው የጸዳ እንዲመስል ብቻም ይመነጠራል። ወይራ የቆረጠ ሰው ይወቀሳል፤ ዝግባ የጣለ ይከሰሳል፤ ቀንጠፋ የመነጠረ ግን ይመረቃል። በአብያተ ክርስቲያናት ደኖች ዳርም ነገሩ ያው ነው። ቅጥሩ እንዲያምር፣ መንገዱ እንዲሰፋ፣ ለንግሥ የሚመጣው ምእመን ነጠላው እንዳይቀደድ ሲባል የደኑ ዳር ዳር ይላጫል።

ይህን የሚያደርግ ሰው ክፉ አስቦ አይደለም። እሾህን ማስወገድ መልካም ሥራ መሆኑን ከአባቱ ተምሮታል። ነገር ግን የቀረን ደን ጥቂት ነው፤ በየዓመቱ የምንተክለው ችግኝ ደግሞ ብዙ ነው። ስለዚህ ቀንጠፋን መመንጠር ለደኑ ይበጃል ወይስ ይጎዳል የሚለው ጥያቄ በቅጡ መነሣት አለበት። የእኔ ድምዳሜ ከወዲሁ ይታወቅ፦ ቀንጠፋ በአብዛኛው በሚመነጠርበት ቦታ ላይ መቆየት የሚገባው ተክል ነው። በሁሉም ቦታ ግን አይደለም። ልዩነቱ የት ላይ እንደሆነ ለማሳየት ከተክሉ ራሱ እጀምራለሁ።

ሳይንሳዊ ስሙ ፕቴሮሎቢየም ስቴላተም ይባላል። ባቄላን፣ ሽምብራን፣ ግራርንና ዲግጣን ከሚያቅፈው ከጥራጥሬዎች ቤተሰብ የሚመደብ የዱር ሐረግ ነው። ሜዳ ላይ ብቻውን ሲበቅል ሰው የማያሳልፍ ቁጥቋጦ ይሆናል፤ ዛፍ ሲያገኝ ደግሞ እስከ 15 ሜትር ይወጣል። እንደ አደንጓሬ አይጠመጠምም፣ እንደ ወይን መያዣ ክርም አያወጣም። መወጣጫው እሾሁ ነው። ግንዱም፣ ቅርንጫፉም፣ የቅጠሉ አንጓ ጭምር ወደ ታች የተቆለመመ እሾህ አላቸው፤ ለጋው ቀንበጥ በጎረቤቱ ላይ ተንጋሎ ያድጋል፣ እሾሁ እንዳይንሸራተት ይይዘዋል። ወደፊት የሚገፋ ሰው ብዙም አይሰማውም፤ የሚቀደደው ወደ ኋላ ለመመለስ ሲሞክር ነው። ቅጠሉ እንደ ግራር ቅጠል ሁለት ጊዜ የተከፋፈለ ነው። አበባው ወደ ቢጫ የሚያደላ ነጭ ሆኖ በዘለላ ይወጣል፣ ሽታው ደስ ይላል። ፍሬው አንድ ዘር ብቻ የያዘ ሲሆን ከዘሩ ጫፍ እንደ ወረቀት የሳሳ ክንፍ ይዘረጋል፤ ቀይ ሆኖ ቁጥቋጦውን ሲሸፍነው ከሩቅ አበባ ይመስላል። ሲደርቅ ነፋስ ይወስደዋል።

የቀንጠፋ አገሩ ሰፊ ነው። ከየመንና ከሱዳን ጀምሮ በኢትዮጵያ፣ በኤርትራ፣ በኬንያ፣ በታንዛኒያ አድርጎ እስከ ደቡብ አፍሪካ ሰሜናዊ ክፍል ይደርሳል። ወንድሞቹ የሚባሉት ወደ 10 የሚጠጉ ዝርያዎች በእስያ ሲኖሩ በአፍሪካ ያለው እርሱ ብቻ ነው። በአፋን ኦሮሞ ሀረንገማ፣ በትግርኛ ቆንጠፍጠፈ ይሉታል። አንዳንድ አካባቢ ቆንጥር ከሚባለው ሐረግማ ግራር ጋር ስሙ ይምታታል፤ ስለዚህ ገበሬን ጠይቆ የተሰበሰበ መረጃ ስንጠቀም የትኛው ተክል እንደተባለ ማጣራት ያስፈልጋል።

በጽሑፍ ቀድሞ የሚገኘው በየመን ነው። በዴንማርክ መንግሥት ጉዞ ወደ ዐረብ አገር የሄደው ፔተር ፎርስኮል በ1763 (ዓመቶቹ ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው) እዚያው የመን ውስጥ በበሽታ ሞተ። ካርስተን ኒቡር የጓደኛውን ማስታወሻ ሰብስቦ በ1775 ሲያሳትም ተክሉ እዚያ ውስጥ ነበረ። የኢትዮጵያውን ቀንጠፋ ለዓለም ያስተዋወቀው ግን በ1770 ጎንደር የገባው ስኮትላንዳዊው ጄምስ ብሩስ ነው። በ1790 ባሳተመው ባለ አምስት ቅጽ የጉዞ መጽሐፉ የመጨረሻው ቅጽ ላይ ቀንጠፋን በሥዕል አስደግፎ ገልጾታል። ከብሩስ የዕጽዋት ሥዕሎች ጀርባ የነበረው እጅ አብሮት የመጣውና ጎንደር ላይ ሞቶ የቀረው የቦሎኛው ሰዓሊ ሉዊጂ ባሉጋኒ ነው። ብሩስ ሥራውን የራሱ አስመስሎት ኖሯል፤ የባሉጋኒ ሥዕሎች በስሙ ተሰብስበው የታተሙት በ1991 ነው። ይህ ዘግይቶ የመጣ ፍትሕ ሳይጠቀስ መታለፍ የለበትም።

ብሩስን ተከትለው የመጡት አውሮፓውያን የሰጡት ስም የተክሉን ዝና ያሳያል። ጀርመናዊው ግሜሊን በ1791 አገርኛ ስሙን ወደ ላቲን ወስዶ «የተጠላው ቀንጠፋ» የሚል ትርጉም ያለው ስም አወጣለት። በ1814 ሄንሪ ሶልት ስለ ሐበሻ ጉዞው ባሳተመው መጽሐፍ አባሪ ላይ ሮበርት ብራውን ደግሞ «ቦጫቂው» አለው። ዛሬ የሚሠራበት ስም ከነዚህ የተለየ ሲሆን አንዱ ክፍል የፍሬውን ክንፍ ያስታውሳል፣ ሌላው ከፎርስኮል የተወረሰ ነው።

ጥላቻው ከአውሮፓውያን አልመጣም፤ እነርሱ የጻፉት እዚህ የሰሙትንና ያዩትን ነው። ብሩስ እንደሚተርከው ንጉሡ ለዘመቻ ሊነሣ ሲል በአራቱም ማዕዘን ያለው ቀንጠፋ እንዲቆረጥ አዋጅ ይነገራል፤ ንጉሡ ወዴት እንደሚሄድ አስቀድሞ አይገለጽምና የሁሉም መንገድ መጽዳት ነበረበት። ብሩስ አዋጁን ለእንግዳ ሰው ግር የሚል፣ ሲያስቡት ግን ብልሃት ያለበት ሆኖ አግኝቶታል፦ ንጉሥ ወዴት ነው የሚዘምተው ብላችሁ አታውሩ፣ በየደጃችሁ ያለውን መንገድ ጥረጉ ማለት ነው። የሰውየው ልብስ ረጅም ጥጥ፣ መንገዱም ቀጭን የእግር መንገድ በሆነበት ዘመን አንድ ሠራዊት በቀንጠፋ መካከል ማለፍ ምን ማለት እንደሆነ መገመት አያዳግትም።

ከዚያው መጽሐፍ የሚነሣው ሌላ ታሪክ ግን ያሳዝናል። በ1770 መጨረሻ ወጣቱ ዐፄ ተክለ ሃይማኖት ከራስ ሚካኤል ስሑል ጋር ወደ ጎንደር ሲመለሱ ካባቸው በቀንጠፋ ተያዘና ራሳቸውና ፊታቸው በሕዝብ ፊት ተገለጠ። ይህ በዚያን ጊዜ ሥርዓት ትልቅ ውርደትና መጥፎ ገድ ነበር። የወረዳው ሹም ማን ነው ተብሎ ተጠየቀ፤ አንድ ሽማግሌ ከነልጁ ሮጦ ቀረበ። ንጉሡ አንድ ቃል ሳይናገሩ ምልክት ሰጡ፤ አባትና ልጅ እዚያው ተሰቀሉ። ብሩስ ነገር የሚያጋንን ሰው ነው የሚሉ አሉ፤ የቀንጠፋ አዋጅና ቅጣት በዝርዝሩ ያለበት ይህ ትረካ ግን ከዚያ ዘመን አስተዳደር ጋር የሚጣረስ አይደለም። ለዚህ ዳሰሳ የሚጠቅመን አንድ ነገር ነው፦ ቀንጠፋን የመቁረጥ ግዴታ የመንገድ ሕግ ነበር። የታዘዘውም መንገዱ እንዲጠረግ እንጂ ደኑ እንዲመነጠር አልነበረም። በኋላ እኛ ነን የመንገዱን ትእዛዝ ወደ ተዳፋቱና ወደ ደኑ ያስገባነው።

የዛሬው ገበሬ ቅሬታም እውነተኛ ነው። ቀንጠፋ የያዘው ግጦሽ ለከብት ይጠፋል። የከብቱ ቆዳ ይጫጫራል፤ ጭረት ደግሞ የቆዳ ፋብሪካዎች ጥሬ ቆዳን በደረጃ ዝቅ ከሚያደርጉባቸው ምክንያቶች አንዱ ነው። ጥሻው ለጦጣና ለጃርት መሸሸጊያ ይሆናል፤ ማሳው ከጥሻው አጠገብ ያለ ሰው ሌሊት አይተኛም። ሲቆረጥም ቶሎ አይሞትም፣ ከጉቶው ዳግም ያቈጠቍጣል። ይህን ሁሉ የሚያውቅ ሰው «ተክሉ ይጠቅማልና ተው» ቢባል ባይሰማ አይፈረድበትም።

ከገበሬው ጋር የሚቆም የሚመስል የሳይንስ ማስረጃም አለ። ስለ ጫካ ሐረጎች በዓለም ላይ ብዙ የሚጠቀሱት ስቴፈን ሽኒትዘርና ፍራንስ ቦንገርስ ናቸው። በ2002 ባወጡት ዳሰሳ ሐረግ ከዛፍ ጋር ለብርሃን፣ ለውሃና ለማዕድን እንደሚሻማ፣ የዛፉን ዕድገት እንደሚያዘገይ አሳይተዋል። ከዚያ በኋላ በፓናማ፣ ጊጋንቴ በተባለው ልሳነ ምድር ላይ ትልቅ ሙከራ ተደረገ። እያንዳንዳቸው 80 ሜትር በ80 ሜትር የሆኑ 16 ቦታዎች ተለኩ፤ በ8ቱ ሐረግ ሁሉ ተቆረጠ፣ በ8ቱ ተተወ። በ2015 የታተመው ውጤት ሐረጎች ደኑ በዓመት የሚያከማቸውን የተጣራ ካርቦን በ76 በመቶ እንደሚቀንሱ የሚያሳይ ነበር። ሽኒትዘር ቀደም ብሎም ዛፍ ወድቆ በሚከፈት ቦታ ላይ ሐረግ ሲጥለቀለቅ የዛፎቹ መተካት ለዓመታት ሊቆም እንደሚችል አሳይቷል። ይህን ያነበበ ባለሙያ «ሐረግ ቁረጡ» ቢል ምክንያት አለው። በደቡብ ምዕራብ ኢትዮጵያ የጫካ ቡና የሚለቅሙ ገበሬዎችም ይህን ጥናት ሳይጠብቁ ሐረጉን ከቡናው ላይ ሲመነጥሩ ኖረዋል፤ ለቡናቸው ልክ ናቸው፣ ለደኑ ብዝኃነት ግን ዋጋ ያስከፍላል።

ሆኖም የፓናማው ውጤት ለቀንጠፋ እንዳለ አይሆንም። እዚያ የተለካው ዝናብ የበዛበት፣ ዛፉ የገጠመ፣ ከብት የማይሰማራበት ደን ነው። በሰሜንና በመካከለኛው ኢትዮጵያ ከፍታ ላይ ያለው ደን ደረቅ ነው፣ ቁርጥራጭ ነው፣ ዳሩ ከመካከሉ ይበዛል። እዚያ ዛፍን የሚገድለው ዋናው ነገር የከብት ጥርስና ኮቴ ነው። በዚህ ላይ ያለን ማስረጃ የራሳችን ነው። ብዙ አንባቢ በ«እመጓ»ና በ«ዝጎራ» የሚያውቃቸው ዶክተር ዓለማየሁ ዋሴ በሙያቸው የደን ምሁር ናቸው፤ በ2007 በዋኽኒንገን ዩኒቨርሲቲ ያቀረቡት ጥናት በደቡብ ጎንደር የቤተ ክርስቲያን ደኖች ላይ ያተኮረ ነበር። በ2009 ከባልደረቦቻቸው ጋር ያሳተሙት ጽሑፍ ከብት በማይደርስበት በታጠረ ቦታ የዛፍ ዘሮች በቅለው ችግኞቹ የተሻለ እንደሚተርፉ፣ ከብት በሚገባበት ግን ተተኪ ዛፍ እንደሚጠፋ አሳየ። ከጽሑፉ ደራሲዎች አንዱ ያው የሐረጎቹ ሊቅ ፍራንስ ቦንገርስ ነው። በአንዱ ደን ሐረግ ችግር መሆኑን ያሳየው ሰው በሌላው ደን ችግሩ ከብት መሆኑን አብሮ ጽፏል፤ ሁለቱ አይጋጩም፣ ቦታቸው ይለያያል።

ከዚህ ጥናት በኋላ ዶክተር ዓለማየሁ ከአሜሪካዊቷ የደን ተመራማሪ ማርጋሬት ሎውማን ጋር ሆነው ካህናቱን በማስተባበር በርካታ የቤተ ክርስቲያን ደኖችን በድንጋይ ካብ አሳጥረዋል። ካቡ ከማሳ የሚለቀም ድንጋይ ነው፤ ማሳውም ይጸዳል፣ ደኑም ይታጠራል። እጅግ የማደንቀው ሥራ ነው። ሆኖም ኢትዮጵያ ውስጥ የቤተ ክርስቲያን ደን በአሥር ሺዎች ይቆጠራል፤ ለሁሉም ድንጋይ፣ ገንዘብና ጉልበት አይገኝም። በብዙዎቹ ዙሪያ ግን ማንም ያልተከለው፣ ፍየል እንኳ በጭንቅ የሚያልፈው የቀንጠፋ፣ የአጋምና የቀጋ አጥር ቆሞ ነበር። በአንድ እጃችን ካብ ለመሥራት እርዳታ እየጠየቅን በሌላው ያንን አጥር የምንመነጥርበት ቦታ አለ። ይህ ነው እኔን ብዕር ያስነሣኝ።

ሁለተኛው የራሳችን ማስረጃ ከትግራይ ነው። ቤልጂየማዊው ራፍ ኤርትስና ባልደረቦቹ በ2007 ያሳተሙት ጥናት የወይራ ችግኝ ገላጣ ቦታ ላይ ከሚተከል በነባር ቁጥቋጦ ጥላ ሥር፣ በተለይ በደደሆ ሥር ቢተከል የተሻለ እንደሚጸድቅ አሳይቷል። ቁጥቋጦው ፀሐይን ይከላከላል፣ እርጥበት ይይዛል፣ ከብትን ያርቃል። ደደሆ እሾህ የለውም፤ ቀንጠፋ ግን አለው። እንግዲህ በአመክንዮ ከሄድን ከከብት በመከላከል ረገድ ቀንጠፋ መብለጥ አለበት፤ በጥላ ረገድ ደግሞ ከመጠን በላይ ሊሸፍን ይችላል። ይህ በሙከራ መረጋገጥ ያለበት ነገር ነው እንጂ በግምት የሚዘጋ አይደለም። አንድ ነገር ግን ግልጽ ነው፦ ችግኝ ለመትከል ቁጥቋጦውን ሁሉ ቀድሞ ማጽዳት ከማስረጃው ጋር ይጋጫል።

በቀንጠፋ ወዳጆች ዘንድ የሚሰማ አንድ ክርክር ግን አልቀበልም። «የጥራጥሬ ቤተሰብ ስለሆነ አፈር ያዳብራል» ይባላል። ባቄላና ግራር በስራቸው ላይ ባክቴሪያ የሚኖርባቸው እባጮች አሏቸው፤ ናይትሮጅን የሚያስሩት በዚያ ነው። ቀንጠፋ የሚመደብበት የሲሳልፒኒያ ወገን ግን ባጠቃላይ እነዚህን እባጮች አይሠራም። ቅጠሉ ረግፎ አፈር ይሆናል፣ ስሩ የቦረቦር አፋፍ ይይዛል፤ ከዚያ ያለፈ የማዳበሪያ ተስፋ ለገበሬ መስጠት ማታለል ነው። ተክሉን ለማዳን ውሸት አያስፈልግም።

ከሩቅ አገር የሚመጣ ማስጠንቀቂያም አለ፤ እርሱም በጥራጥሬ ቤተሰብ ሐረግ ላይ ነው። ኩድዙ የሚባለው የእስያ ሐረግ በ1876 በፊላደልፊያ ዐውደ ርእይ ላይ ለአሜሪካውያን ታየ። በ1930ዎቹና በ1940ዎቹ የአፈር መሸርሸር የአገሪቱን ደቡብ ሲያጠፋ መንግሥት ወደ 85 ሚሊዮን የኩድዙ ችግኝ አከፋፈለ። ሐረጉ ከማሳው አልፎ ደኑን፣ ምሰሶውን፣ ቤቱን ሸፈነ፤ በ1953 ከሚመከሩት የአፈር መሸፈኛ ተክሎች ዝርዝር ወጣ። ይህን ጠቅሶ «ቀንጠፋም እንዲሁ ይሆንብናል» የሚል ሰው አይጠፋም። ኩድዙ ግን እንግዳ ነበር። ቀንጠፋ ከወይራውና ከጥዱ ጋር አብሮ የኖረ ነባር ነው፤ ሲበዛ የምናየው ደኑ በተጎዳበት ቦታ ነው፣ የጉዳቱ ምልክት እንጂ መነሻው አይደለም። የኩድዙ ትምህርት በእኛ አገር የሚመለከተው ሌላውን እሾሃማ ዘመዱን፣ ከእስያ መጥቶ ለአጥር የሚተከለውን ሲሳልፒኒያ ዴካፔታላን ነው። ደቡብ አፍሪካ ውስጥ ይህ ተክል ደን እየወረረ በሕግ ከተከለከሉት መካከል ነው። ሁለቱን መለየት ቀላል ነው፦ የእንግዳው አበባ ትልቅና ደማቅ ቢጫ ሲሆን ፍሬው ብዙ ዘር የያዘ ቋድ ነው፤ የቀንጠፋ ፍሬ ቀይ፣ ባለ ክንፍ፣ ባለ አንድ ዘር ነው። አጥር ፈልጎ ችግኝ የሚያፈላ ጣቢያ ካለ የትኛውን እያፈላ እንደሆነ ይመልከት።

ስለ ሌላው ጥቅሙ በአጭሩ። ንብ አበባውን ትወደዋለች። ቅጠሉ ለቆዳ ማቅለሚያና ለጥቁር ቀለም መሥሪያ ይውላል ተብሎ ተመዝግቧል። በባህል ሕክምና ለሳልና ለመሳሰሉት ይሰጣል፤ ኢትዮጵያውያን ተመራማሪዎችም በቤተ ሙከራ በቲቢ ባክቴሪያ ላይ ከፈተኗቸው ተክሎች መካከል ይገኝበታል። የቤተ ሙከራ ውጤት ግን መድኃኒት አይደለም፤ የቲቢ ሕመምተኛ ቦታው ጤና ጣቢያ ነው።

እንግዲህ የት ይቆረጥ፣ የት ይቆይ? የእግር መንገድ ላይ፣ በማሳ ውስጥ፣ በደህና ግጦሽ ላይ ይቆረጥ፤ ስለ መንገዱ የጥንቱም ሕግ ይኸው ነበር። በትንሽ የቤተ ክርስቲያን ደን ውስጥ በቀሩት ጥቂት ትልልቅ የወይራና የዝግባ አናት ላይ ወጥቶ ከጫናቸው ከእነርሱ ላይ ብቻ ይውረድ፤ እዚህ ላይ የፓናማው ትምህርት ይሠራል። በደኑ ዳር፣ በቦረቦር አፋፍ፣ ከንክኪ ነፃ ሆኖ እንዲያገግም በተከለለ ተዳፋት ላይ ግን አይነካ። ካብ በሌለበት ደን ዙሪያ ክፍተቱ እንዲገጥም መርዳት እንኳ ይገባል። ከማሳ ጋር በሚዋሰንበት በኩል ገበሬው ስለ ጦጣና ጃርት የሚያነሣው ቅሬታ ስላለ ስፋቱ ከእርሱ ጋር ተነጋግሮ ይወሰን እንጂ በቢሮ አይታዘዝ።

የቀረው ሙከራ ነው፤ ከባድም አይደለም። አንድ የደን ትምህርት ክፍል በአንድ ተዳፋት ላይ ግማሹን ቀንጠፋ መንጥሮ፣ ግማሹን ትቶ፣ በሁለቱም ተመሳሳይ የወይራ ችግኝ ተክሎ ለጥቂት ዓመታት ቢቆጥር እዚህ በአመክንዮ የተናገርሁት በቁጥር ይረጋገጣል ወይም ይሻራል። የልማት ጣቢያ ሠራተኞች፣ የደብር አስተዳዳሪዎች፣ የዘመቻ አስተባባሪዎች፦ በመጪው ጥር ገጀራ ከመነሣቱ በፊት ደኑን አንድ ጊዜ ዙሩት፤ መንገዱን ለጥርጊያ፣ ዳሩን ለጥበቃ ምልክት አድርጉበት፣ ለሚዘምተውም ሕዝብ ልዩነቱን ንገሩት።